የስኑስ ክልከላ በፍርድ ቤት ይወድቃል ወይ?

የጠያቂው ደብዳቤ ባጭሩ እንዲህ ይላል፦ «የምኖረው ስዊድን፣ ጎተንበርግ ነው። ከባለቤቴ ጋር ትንሽ ሱቅ አለን። ከሱቁ ዕቃ ሁሉ ቶሎ ቶሎ የሚያልቀው ስኑስ፣ ያ ከንፈር ሥር የሚያዘው ትምባሆ፣ ነው። ታናሽ ወንድሜ ፍራንክፈርት ሱቅ ሊከፍት ስለሆነ ከዚህ ልንልክለት አስበን ነበር። ጀርመን ግን ስኑስ ክልክል ነው ተባልን። የሚታኘክ ትምባሆ እኮ እዚያ በግልጽ ይሸጣል፤ ይኼ እንዴት ይሆናል? አንድ ወዳጃችን ‹ክልከላው በፍርድ ቤት ሊነሳ ነው። ስዊዘርላንድ ተነስቷል፣ ሕንድም ተነስቷል፤ ቀድማችሁ ግቡ› ይለናል። ስኑስ ከሲጋራ የተሻለ መሆኑ የታወቀ ነው፤ ዳኞቹ ይህን እንዴት ማየት አቃታቸው? እኛስ መክሰስ እንችላለን? እስከዚያው ጥቅሉ ላይ ‹የሚታኘክ› የሚል ቢለጠፍበትስ?»

ከመጨረሻው ጥያቄ ልነሳ። አይለጥፉ። ያ ቃል ከክልከላው እንደማያድን የአውሮፓ ኅብረት ፍርድ ቤት በግልጽ ተናግሯል፤ ዝርዝሩን ከታች አመጣዋለሁ። ወዳጅዎ የነገረዎት ደግሞ ግማሹ እውነት ነው። ችግሩም እሱ ነው፤ ሙሉ ውሸት ቢሆን ቶሎ ይታወቅ ነበር። ስዊዘርላንድ ውስጥ ክልከላው በእርግጥ ተነስቷል። ሕንድም አንድ ጊዜ ወድቆ ነበር። ግን በምን ምክንያት ወደቀ? ከወደቀ በኋላስ ምን መጣ? ይህ ሳይነገር የሚወራው ወሬ ጥሪት ያስበላል። ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

መጀመሪያ አንድ የቃል ነገር ላጥራ። በአማርኛ «እገዳ» ስንል ሁለት ነገር እናደባልቃለን። መንግሥት «ይህ ዕቃ አይሸጥ» ሲል ክልከላ ነው። ፍርድ ቤት «ክርክሩ እስኪያልቅ ይህ ትእዛዝ ባለበት ይቁም» ሲል ደግሞ እግድ ነው። «ፍርድ ቤቱ አገደ» የሚል ዜና የሰማ ሰው ብዙ ጊዜ ነገሩ ያለቀለት ይመስለዋል። እግድ ግን ሊነሳ ይችላል። ትርፍ አይቶ ዕቃ ያከማቸ ነጋዴ የሚከስረውም እግዱ በተነሳ ማግስት ነው።

ስኑስን ለማያውቅ አንባቢም ባጭሩ ላሳይ። የእኛ ሱረት ዘመድ ነው ማለት ይቻላል። መዳፍ ውስጥ የምትገባ ክብ ቆርቆሮ አለች። ስትከፈት ከሻይ ከረጢት በብዙ ያነሱ ነጫጭ ከረጢቶች ተደርድረው ይታያሉ። ሰውየው አንዷን ያነሳና ከላይኛው ከንፈሩና ከድዱ መካከል ይሸጉጣታል። አያጨሳትም፣ አያኝካትም። ኒኮቲኑ በድዱ በኩል ይገባል። ያለቀላትን ከረጢት ደግሞ ክዳኑ ላይ ባለች ትንሽ ጎድጓዳ ቦታ ያኖራታል። «አያኝካትም» የምትለዋን ቃል ያዙልኝ። ሕጉ የተንጠለጠለው በእሷ ላይ ነው።

በ1992 የያኔው የአውሮፓ ማኅበረሰብ ቁጥር 92/41 የሆነውን መመሪያ አወጣ። በአፍ የሚወሰድ ትምባሆ በአባል አገሮች ገበያ እንዳይቀርብ ከለከለ። ዛሬ ያው ክልከላ በ2014 የወጣው የትምባሆ ምርቶች መመሪያ አንቀጽ 17 ላይ ይገኛል። ስዊድን በ1995 ኅብረቱን ስትቀላቀል ሕዝቧ ስኑሱን ሊለቅ አልፈለገም። ስለዚህ በመግቢያ ስምምነቱ ላይ ልዩ ፈቃድ ተጻፈላት። ብዙ ሰው የሚስተው የዚህን ፈቃድ ወሰን ነው። ፈቃዱ ስዊድን ውስጥ ለመሸጥ ብቻ ነው። እዚያው ላይ ስዊድን ስኑሱ ወደ ሌሎቹ አባል አገሮች ገበያ እንዳይገባ አስፈላጊውን እርምጃ ሁሉ ለመውሰድ ግዴታ ገብታለች። ስለዚህ «ስዊድን ሕጋዊ ነው፤ በአውሮፓ ደግሞ ዕቃ በነፃ ይዘዋወራል፤ እንግዲህ ጀርመንም ይሸጣል» የሚለው ስሌት አይሠራም። ከጎተንበርግ ወደ ፍራንክፈርት ለሽያጭ ቢልኩ ላኪውም ተቀባዩም ይጠየቃሉ። በፖስታ ቢሆንም ያው ነው።

ፊንላንድ በዚህ ተይዛለች። የኦላንድ ደሴቶች የፊንላንድ ግዛት ቢሆኑም ሕዝባቸው ስዊድንኛ ተናጋሪ ነው፤ ራስ ገዝም ናቸው። እዚያም፣ በባሕሩ ላይ በሚመላለሱት የፊንላንድ መርከቦችም ስኑስ ይሸጥ ነበር። የአውሮፓ ኮሚሽን ፊንላንድን ከሰሰ። ፍርድ ቤቱ በ2006 ፊንላንድ ግዴታዋን አልተወጣችም ብሎ ፈረደ። የአንድ ሙሉ አገር መንግሥት ያላመለጠበትን ቀዳዳ አንድ ሱቅ አያመልጥበትም።

አሁን ወደ ዋናው ጥያቄ። ዳኞቹ ለምን «አላዩትም»? አይተውታል። ግን እርስዎ እንዲጠይቁ የሚፈልጉት ጥያቄና እነሱ የሚጠይቁት አንድ አይደለም። እርስዎ «ይህ ነገር ከሲጋራ ያነሰ ይጎዳል ወይ?» ይላሉ። ዳኛው ግን «የከለከለው ማን ነው? የመከልከል ሥልጣን ነበረው? ሥነ ሥርዓቱን ጠብቋል? ክልከላው ከዓላማው ጋር ይመጣጠናል?» ይላል። ከለንደን እስከ ዴልሂ የትምባሆ ነጋዴዎች የረቱባቸውን መዝገቦች ብታዩ፣ እኔ እስከማውቀው ትምባሆው መልካም ነው ተብሎ የተፈረደላቸው የለም። የረቱት ከልካዩ በያዘው ሥልጣን ወይም በተከተለው ሥርዓት ላይ ነው።

የብሪታንያው ታሪክ ይህን ጥሩ አድርጎ ያሳያል። በ1980ዎቹ አጋማሽ አንድ የአሜሪካ የትምባሆ ኩባንያ ስኮትላንድ ውስጥ፣ ኢስት ኪልብራይድ በምትባል ከተማ ፋብሪካ ከፈተ። የመንግሥት ድጎማም አገኘ። ምርቱ «ስኮል ባንዲትስ» የሚባል በከረጢት የታሸገ ትምባሆ ነበር። ብዙም ሳይቆይ ያው መንግሥት የካንሰር አማካሪ ኮሚቴውን ምክር ሰማና በ1989 ምርቱን የሚከለክል ደንብ አወጣ። ኩባንያው ከሰሰ። «ገንዘብ ሰጥታችሁ ጋብዛችሁን አሁን ታባርሩናላችሁ?» የሚለው ክርክሩ ተቀባይነት አላገኘም። መንግሥት ለሕዝብ ጤና ሲል ሐሳቡን መለወጥ ይችላል ተባለ። የረታው በሌላ ነው። መንግሥት የሳይንቲስቶቹን የምክር ጽሑፍ ለኩባንያው አላሳየም ነበር። ያላዩትን ማስረጃ እንዴት ይመልሱታል? ፍርድ ቤቱ ደንቡን በዚህ ሻረው። ፋብሪካው ግን አልዳነም። በ1992 የአውሮፓው መመሪያ መጣ፤ ብሪታንያም እንደገና ከለከለች። ከኅብረቱ ከወጣች በኋላ እንኳ ክልከላው እንዳለ ነው።

ሉክሰምበርግ ያለው የአውሮፓ ኅብረት ፍርድ ቤት ጉዳዩን ሁለት ጊዜ በዋናነት አይቶታል። በ2004 ሁለት መዝገቦች በአንድ ቀን ተወሰኑ። አንዱ የስዊድኑ ትልቅ የስኑስ አምራች ስዊድሽ ማች በለንደን ፍርድ ቤት በኩል ያመጣው ነው። ሌላው አርኖልድ አንድሬ የሚባል የጀርመን ኩባንያ ነው፤ የሄርፎርድ ወረዳ አስተዳደር ስኑስ እንዳይሸጥ ስላዘዘው የመጣ። በ2018 ስዊድሽ ማች ተመልሶ መጣ፤ ያኔም ከለንደን። ሁለቱንም ጊዜ ክልከላው ጸና።

የመጀመሪያው ክርክር የሥልጣን ነበር። ኅብረቱ ለጤና ብሎ ብቻ ዕቃ የመከልከል ሥልጣን የለውም፤ ሥልጣኑ የአባል አገሮችን ገበያ ማስማማት ነው። ኩባንያዎቹ «ሁሉም ቦታ መከልከል እንዴት ማስማማት ይሆናል?» አሉ። ፍርድ ቤቱ ግን አንዳንድ አገሮች ቀድመው እንደከለከሉ፣ ሌሎቹ እንዳልከለከሉ፣ ልዩነቱ ንግዱን ያደናቅፍ እንደነበር አየ። ማስማማት አንዳንዴ መከልከልም ሊሆን ይችላል አለ።

ሁለተኛው የእርስዎ ጥያቄ ነው፤ የሚታኘከው ለምን ተፈቀደ? የአድልዎ ክርክር ይባላል። የፍርድ ቤቱ መልስ ብዙ ሰው ከሚጠብቀው የተለየ ነው። የሚታኘክ ትምባሆ ያነሰ ይጎዳል አላለም። ያለው ይህን ነው፦ የሚታኘከው ባህላዊ ነው። ከድሮ ጀምሮ የነበረ ነው፤ ገበያውም ጠባብ ነው። ስኑስ ግን ከስዊድን ውጭ ላለው ገበያ አዲስ ነው። ለአጠቃቀም ምቹ ነው፣ አይታይም፣ ወጣቱን ይስባል። ሕግ አውጪው ገና ያልተስፋፋውን ከበር ሊመልስ፣ የቆየውን ደግሞ ሊተው ይችላል። ፍትሐዊ ነው ወይ? እኔ በግሌ ሙሉ በሙሉ አይዋጥልኝም። «አዲስ ነው» የሚለው ምክንያት ራሱን የሚመግብ ነው፤ የተከለከለ ነገር መቼም አያረጅም። ግን የእኔ አለመርካት ሕግ አይደለም፤ በ2018ም ያው ምክንያት ጸንቷል።

ሦስተኛው የሳይንሱ ክርክር ነው። እዚህ ላይ በጥንቃቄ ያንብቡኝ። ስኑስ ከሲጋራ ያነሰ አደጋ እንዳለው የሚያሳይ ጠንካራ ማስረጃ አለ። የአሜሪካ የምግብና መድኃኒት አስተዳደር በ2019 ጀነራል የተባሉ ስምንት የስኑስ ምርቶች ይህን በማስታወቂያቸው እንዲናገሩ ፈቅዷል። «ያነሰ» ማለት ግን «ምንም» ማለት አይደለም። የዓለም ጤና ድርጅት የካንሰር ምርምር ተቋም ጭስ የሌለውን ትምባሆ ካንሰር አምጪ ብሎ መድቦታል። ኒኮቲኑም ሱስ ያስይዛል። ሉክሰምበርግ ያሉት ዳኞች የያዙት ነጥብ ይህ ነው፦ አንድ አጫሽ ወደ ስኑስ ቢዞር ሊጠቀም ይችላል፤ ግን ፈጽሞ ያልጀመረ የአሥራ ስድስት ዓመት ልጅ በስኑስ ቢጀምርስ? ይህ ባልተቋጨበት ሁኔታ የጥንቃቄውን መንገድ መምረጥ የሕግ አውጪው ፋንታ ነው አሉ። ዳኛ የባለሙያዎችን ክርክር የሚዳኝ ባለሙያ አይደለም። ሕግ አውጪው በግልጽ ካልሳተ ጣልቃ አይገባም።

ብሪታንያ ያለን ሰዎች ይህን በጫት አይተነዋል። የመንግሥቱ የአደንዛዥ ዕፅ አማካሪ ምክር ቤት በ2013 ጫት እንዳይከለከል መከረ። መንግሥት ምክሩን አልተቀበለም፤ በሰኔ 2014 ጫት ተከለከለ። ከአወዳይና ከኬንያ በአውሮፕላን እየመጣ ሂትሮው ይራገፍ የነበረው ንግድ በአንድ ቀን ቆመ። የባለሙያ ምክር ከጎንዎ መሆኑ ብቻውን ክልከላን አያስቀርም።

ስዊዘርላንድስ? ስዊዘርላንድ የኅብረቱ አባል አይደለችም፤ ዋናው ልዩነት ይህ ነው። እዚያ ስኑስን የከለከለው ፓርላማው ሳይሆን መንግሥት ያወጣው ደንብ ነበር፤ የተደገፈውም በምግብ ሕግ ላይ ነው። የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በግንቦት 2019 ደንቡ በቂ የሕግ መሠረት የለውም አለና ክልከላው ወደቀ። እኛም አገር መመሪያ ከደንብ፣ ደንብም ከአዋጅ አይበልጥም ይባል የለ? ልክ እንደዚያ ነው። ፓርላማው ከዚያ በኋላ መልሶ መከልከል ይችል ነበር። አልከለከለም። በ2024 ሥራ ላይ የዋለው የትምባሆ ምርቶች ሕግም ስኑስን እየተቆጣጠረ ይፈቅዳል። ድሉ የዘለቀው ሕግ አውጪው ስለተወው ነው።

ወዳጅዎን ያሳሳተው ይህ ሳይሆን አይቀርም። የአውሮፓውን «መመሪያ» ሲሰማ የእኛን መመሪያ፣ አንድ መሥሪያ ቤት ፈርሞ የሚያወጣውን ወረቀት፣ አስቦ ይሆናል። ስሙ መመሪያ ይሁን እንጂ የ2014ቱ በአውሮፓ ፓርላማና በሚኒስትሮች ምክር ቤት የጸደቀ ነው። አቅሙ እንደ አዋጅ ነው። የስዊዘርላንዱን ደንብ የጣለው ድንጋይ ይህን አይነካውም።

ሕንድን ሰፋ አድርጌ ልናገር፤ ትምህርቱ ያለው እዚያ ነው። ነገሩ ጉትካ ይባላል። የተከተፈ የአሬካ (የዘንባባ ዓይነት ዛፍ) ፍሬ፣ ትምባሆ፣ ኖራና ማጣፈጫ የተቀላቀለበት ነው። ለአንድ አፍ በሚበቃ ትንሽ ጥቅል ይሸጣል። እኛ ሰፈር ሱቅ በር ላይ የሻምፖ ጥቅል ተቀጣጥሎ እንደሚንጠለጠለው እዚያም የጉትካ ጥቅል ተንጠልጥሎ ይውላል። ሕፃንም ሽማግሌም ሊደርስበት ይችላል። ከስኑስ ጋር ፈጽሞ አይምታታብዎ። የአሬካው ፍሬ ብቻውን እንኳ ካንሰር አምጪ ተብሎ የተመደበ ነው። አፍ መክፈት እስኪያቅት ድረስ የጉንጭን ሥጋ የሚያደርቅ በሽታ ያስከትላል፤ የአፍ ካንሰርም ከእሱ ይመጣል። በ2016 እና 2017 በተደረገው አገር አቀፍ ጥናት ወደ 199 ሚሊዮን የሚጠጉ አዋቂ ሕንዳውያን ጭስ የሌለው ትምባሆ ይጠቀሙ ነበር። ይህን ቁጥር ባነበብኩ ቁጥር የሚታየኝ ጉርሻ ሊጎርስ አፉን መክፈት ያቃተው ሰው ነው።

ማሃራሽትራን የመሳሰሉ ክልሎች በ2002 ገደማ ጉትካን ከለከሉ። አምራቾቹ ከሰሱ፤ በነሐሴ 2004 በጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ረቱ። ጎዳዋት ፓን ማሳላ የሚባለው መዝገብ ነው። ምክንያቱ? ክልሎቹ የተጠቀሙበት የምግብ ባለሥልጣን ሥልጣን ለአካባቢያዊና ጊዜያዊ አደጋ የተሰጠ ነው፤ አንድን ምርት ጨርሶ ለመከልከል አይበቃም ተባለ። ትምባሆን የሚመለከት የ2003 የፌዴራል ሕግም አለ ተባለ። ወዳጅዎ «ሕንድም ተነስቷል» ያለው ይህን ነው።

ግን በዚያው ፍርድ ውስጥ አንድ ዓረፍተ ነገር ነበር። አምራቾቹ ጉትካ ምግብ አይደለም ብለው ነበር። ፍርድ ቤቱ ይበላል፤ ስለዚህ በሕጉ ትርጉም ምግብ ነው አለ። ያን ቀን ማንም ልብ ያለው አይመስልም። በ2006 አዲስ የምግብ ደኅንነት ሕግ ወጣ። በ2011 ከሥሩ አንድ ደንብ ወጣ፤ በማንኛውም የምግብ ምርት ውስጥ ትምባሆና ኒኮቲን መግባት የለበትም ይላል። ጉትካ ምግብ ነው ተብሏል። ምግብ ውስጥ ደግሞ ትምባሆ አይገባም። አለቀ። በሚያዝያ 2012 ማድያ ፕራዴሽ መጀመሪያ ከለከለች፤ ሌሎቹ ክልሎች ተከታተሉ። አምራቾቹ ያሸነፉበት መዝገብ ለከልካዩ መሣሪያ ሆነ።

ከዚያ ወዲያ ገበያው ዘዴ ፈጠረ። ትምባሆ የሌለበት ፓን ማሳላ (የአሬካ ፍሬና የማጣፈጫ ቅይጥ) በአንድ ጥቅል፣ ትምባሆው ለብቻው በሌላ ጥቅል። ባለሱቁ ሁለቱንም አብሮ ይሰጣል። ገዢው ሁለቱን ይቀድና መዳፉ ላይ ደባልቆ አፉ ውስጥ ይጨምራል። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2016 ክልሎች ክልከላውን እንዲያስከብሩ ሲያዝ ይህ ማምለጫ ተነግሮት ነበር። «የሚታኘክ ብለን ብንለጥፍ» የሚለው የእርስዎ ሐሳብ የዚሁ ታናሽ ወንድም ነው።

ክርክሩ ግን አልሞተም። የምግብ ባለሥልጣኑ ሥልጣን በአንድ ጊዜ ከአንድ ዓመት አያልፍም፤ ስለዚህ ክልሎቹ በየዓመቱ ያድሱታል። አምራቾቹ «ጊዜያዊውን ዘላለማዊ አደረጋችሁት» አሉ። የዴልሂ ከፍተኛ ፍርድ ቤት አንድ ዳኛ በመስከረም 2022 ተቀበላቸውና ክልከላዎቹን ሻረ። በሚያዝያ 2023 የዚያው ፍርድ ቤት የይግባኝ ችሎት ውሳኔውን ገለበጠው። የማድራስ ከፍተኛ ፍርድ ቤትም በጥር 2023 የታሚል ናዱን ክልከላ ሻረ፤ ከሦስት ወር ገደማ በኋላ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በዚያ ውሳኔ ላይ እግድ ጣለ። በእነዚያ ጥቂት ወራት «ተፈቀደ» ብሎ መጋዘን የሞላ ነጋዴ ቢኖር ሚያዝያ ላይ ምን እንደገጠመው ያስቡት። ሕጋዊ ክርክሩ እውነተኛ ክብደት አለው፤ ይህን አልክድም። በእሱ ላይ የቤተሰብ ገንዘብ መጣል ግን ሌላ ነገር ነው።

ወደ ጀርመን እንመለስ። በባቫሪያ፣ ኬምፕተን ከተማ፣ ሃርትማን የሚባል አከፋፋይ ከዴንማርክ ሁለት ምርት ያስመጣ ነበር። አንዱ እንደ ሊጥ የተላቆጠ የተፈጨ ትምባሆ፣ ሌላው በትንንሽ ከረጢት የታሸገ። በሁለቱም ስም ላይ «ማኘክ» የሚል ቃል አለበት። የከተማው አስተዳደር ከለከለው። ጉዳዩ ሉክሰምበርግ ደረሰ፤ በጥቅምት 2018 መልስ መጣ። የሚታኘክ ትምባሆ ማለት በማኘክ ብቻ በአግባቡ ሊወሰድ የሚችል ነው። አፍ ውስጥ ተቀምጦ ብቻ ዋና ንጥረ ነገሩን የሚለቅ ከሆነ፣ ሰው ቢያኝከውም እንኳ፣ የሚታኘክ አይባልም። የሚመዘነው ምርቱ ራሱ ነው። አፈጣጠሩ፣ ይዘቱ፣ አወሳሰዱ ይታያል፤ የጥቅሉ ጽሑፍ ብቻውን አይወስንም። የእርስዎ ስኑስ በከንፈር ሥር ተሸጉጦ የሚሠራ ነው። ተለጣፊው ምንም አይለውጠውም። ይልቁንም አውቀው ማድረግዎን ያሳብቃል። የማያውቅ ሰው አይለጥፍም።

ደብዳቤዎ ውስጥ ባይጠቅሱትም የሚቀጥለው ሐሳብዎ ትምባሆ የሌለባቸው የኒኮቲን ከረጢቶች እንደሚሆኑ እገምታለሁ። ትምባሆ ስለሌለባቸው አንቀጽ 17 አይነካቸውም። ይህ ግን ተፈቅደዋል ማለት አይደለም። የጀርመን ባለሥልጣናት ያልተፈቀደ አዲስ ዓይነት ምግብ ናቸው ብለው በምግብ ሕግ ይይዟቸዋል። የሕንድን ጉትካ ያስታውሱ፤ «ምግብ ነው» የምትለዋ ቃል እዚህም መጣች። ቤልጅየም በጥቅምት 2023፣ ኔዘርላንድስ ደግሞ በ2025 መጀመሪያ ሽያጫቸውን ከልክለዋል። ስዊድን ሱቅዎ ውስጥ በሕጋዊ መንገድ የሚሸጡት ነገር አንድ ድንበር ሲሻገር ስሙም ሕጉም ሊለወጥ ይችላል።

መክሰስ ትችላላችሁ ወይ? መንገዱ አለ። ግለሰብ መመሪያውን ለመሻር በቀጥታ ሉክሰምበርግ ሄዶ መክሰስ አይችልም ማለት ይቻላል። ወንድምዎ መጀመሪያ የጀርመን አስተዳደር መከልከሉን የሚገልጽ ውሳኔ ሊደርሰው ይገባል። ያንን ይዞ በአገሩ የአስተዳደር ፍርድ ቤት ይከሳል። ዳኛው ከተጠራጠረ ጥያቄውን ወደ ሉክሰምበርግ ይልካል። እዚያ መልስ ለማግኘት ብቻ ከአንድ ዓመት ተኩል በላይ ሊፈጅ ይችላል። የተሸነፈ ወጪ ይከፍላል። ይህን መንገድ ስዊድሽ ማች ሁለት ጊዜ ሄዶበት ሁለት ጊዜ ተሸንፏል፤ የጠበቃ ገንዘብ ያጠረው ኩባንያ አይደለም። በ2018 ያልተነሳ አዲስ ክርክር ከሌለ ዳኛው ጥያቄውን ለመላክም ምክንያት አያገኝም። ክልከላው የሚለወጥ ከሆነ የሚለወጠው ብራስልስ ላይ፣ መመሪያው ሲከለስ ነው።

ለራስ መጠቀም ሌላ ጉዳይ ነው። አንቀጽ 17 የሚከለክለው ገበያ ላይ ማቅረብን ነው። ወንድምዎ ሊጠይቅዎ መጥቶ ለራሱ አንድ ሁለት ቆርቆሮ ይዞ ቢመለስ ነጋዴ አይሆንም። ሻንጣ ሞልቶ ለጓደኞቹ ማከፋፈል ከጀመረ ግን «ለራሴ ነው» ማለት አያዋጣውም። እንደ ፊንላንድ ያሉ አገሮች ለራስ የሚያዘውንም መጠን በሕግ ወስነዋል።

የምመክረው ቁርጥ ያለ ነው። ስኑስ ወደ ጀርመን አይላኩ። በተስፋ ላይ ዕቃ አያከማቹ። በዚህ ምክንያት አትበደሩ፤ ከዕቁብ የወጣ ገንዘብም አታስገቡበት። ወንድምዎ ሱቁን ይክፈት፤ የትምባሆ መደርደሪያ ከፈለገ ጀርመን ውስጥ ካለ ሕጋዊ አከፋፋይ፣ እዚያው በሕጋዊ መንገድ የሚሸጠውን ብቻ ይግዛ። ስለ አንድ ምርት ከተጠራጠረ የከተማውን የምግብና የሸማቾች ጥበቃ ቢሮ በጽሑፍ ይጠይቅ። የምርቱን ፎቶ፣ የይዘቱን ዝርዝር፣ እንዴት እንደሚወሰድ የሚናገረውን ወረቀት ከደብዳቤው ጋር ያያይዝ። ማኅተም ያለበት መልስ እጁ እስኪገባ ድረስ ግን አንድም ካርቶን አይዘዝ።